ጠበልና መድኃኒት በጥንታውያን መጻሕፍቶቻችን

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ አሜን።

አንድ ሕሙም ወደ ጠበል ቦታ ሲደርስ ከሚያነሣቸው ጥያቄዎች የመጀመሪያው ብዙውን ጊዜ «ጠበሉን ስጀምር የሐኪም መድኃኒቴን ልቀጥል ወይስ ላቋርጥ?» የሚል ነው። ይህን ጥያቄ ካህን ቢመልሰው መልካም ነበር። ይሁን እንጂ ብዙ ጊዜ መልሱን የሚሰጠው አብሮት የተሰለፈ ሌላ ሕሙም ወይም በቦታው ጥቂት ወራት የቆየ ሰው ይሆናል። መልሱም «እምነት ካለህ መድኃኒት ምን ያደርግልሃል?» የሚል ነው። በዚህች አጭር ንግግር ምክንያት የሳንባ ነቀርሳ መድኃኒቱን በሁለተኛው ወር የተወ፣ ኢንሱሊን መውሰድ ያቆመ፣ የሚጥል በሽታ እንክብሉን የጣለ ወገን አለ። ለመዳን መጥቶ ሞቱን ያፋጠነም አለ።

ንግግሩ ይበልጥ የሚያሳስበው የጥንት አባቶች ትምህርት መስሎ ስለሚነገር ነው። «አባቶቻችን በእምነት ብቻ ይድኑ ነበር» ይባላል። እኛም በዚህ ጽሑፍ የምንጠይቀው ይህንኑ ነው። አባቶቻችን ያነበቧቸው፣ የተረጐሟቸውና ጠብቀው ያቆዩልን መጻሕፍት ስለ ሕይወት መሠረት፣ ስለ ጤናና ስለ ፈውስ በእውነት ምን ያስተምራሉ? መጻሕፍቱን ገልጠን ስንመለከት የምናገኘው መልስ በሰልፉ ላይ ከሚሰማው እጅግ የተለየ ነው።

ሰው ምንድን ነው? የአክሲማሮስ ትምህርት

ስለ ጤና ለመናገር አስቀድሞ ሰው ምን እንደሆነ ማወቅ ያስፈልጋል። ስለዚህ የአበው ትምህርት የሚጀምረው ከሥነ ፍጥረት ነው። በቅዱስ ኤጲፋንዮስ ስም የሚጠራው መጽሐፈ አክሲማሮስ ስሙ ራሱ «ስድስት ቀን» ማለት ሲሆን፣ እግዚአብሔር ከእሑድ እስከ ዓርብ ያከናወነውን የፍጥረት ሥራ ይተነትናል። የቤተ ክርስቲያናችን መምህራን በዚህና በመጽሐፈ ኩፋሌ ላይ ተመሥርተው ሃያ ሁለቱን ሥነ ፍጥረት ያስተምራሉ፤ በእሑድ ስምንት፣ በሰኞ አንድ፣ በማክሰኞ ሦስት፣ በረቡዕ ሦስት፣ በሐሙስ ሦስት፣ በዓርብ አራት ፍጥረታት ተፈጠሩ። ከሁሉም በኋላ የተፈጠረው ሰው ነው።

በዚህ ትምህርት መሠረት የሰው ሥጋ ከአራቱ ባሕርያት፣ ማለትም ከመሬት፣ ከውኃ፣ ከነፋስና ከእሳት የተገኘ ነው። ነፍሱ ደግሞ ለባዊት፣ ነባቢትና ሕያዊት ናት፤ ታስባለች፣ ትናገራለች፣ ሕያውም ሆና ትኖራለች። አራቱ ባሕርያት በጠባያቸው እርስ በርሳቸው የማይስማሙ ናቸው። እሳት የሚያቃጥልና የሚያደርቅ ነው፤ ውኃ የሚያቀዘቅዝና የሚያረጥብ ነው። እነዚህ ሁለቱ ያለ አስታራቂ ቢገናኙ አንዱ ሌላውን ያጠፋል። ነፋስ ግን በሙቀቱ ከእሳት፣ በእርጥበቱ ከውኃ ጋር ስለሚዛመድ በመካከላቸው ሆኖ ያስታርቃቸዋል። ነፋስና መሬትም እንዲሁ ጠበኞች ሲሆኑ ውኃ በእርጥበቱ ከነፋስ፣ በቅዝቃዜው ከመሬት ጋር ተዛምዶ ያስማማቸዋል። መምህራኑ ይህን የሚያስረዱት የፈጣሪን ጥበብ ለማሳየት ነው። ጠበኞቹን በአንድ ሥጋ ውስጥ አስታርቆ ያኖረ እርሱ ነው፤ ጤና የዚህ ስምምነት ፍሬ ነው፤ ሕመም ደግሞ የስምምነቱ መናጋት ነው።

የአራቱ ባሕርያት ትምህርት በቀድሞው ዘመን የሐኪሞችም ትምህርት ነበር። የዛሬው ሕክምና የሥጋን አሠራር በሌላ ቋንቋ ይገልጸዋል፤ እኛም የመድኃኒት መጠን ከአክሲማሮስ አንፈልግም። ከአክሲማሮስ የምንማረው ከዚህ የሚበልጠውን ነው፤ ሥጋ የእግዚአብሔር የእጁ ሥራ መሆኑንና ሰውም በሥጋና በነፍስ አንድ ሆኖ የተፈጠረ መሆኑን እንማራለን። ነፍስን አክብሮ ሥጋን የሚንቅ ሰው ግማሹን ሰው ጥሏል።

ምሥጢረ ሥጋዌም ይህን ያጸናል። አቡሊናርዮስ የተባለው መናፍቅ ቃል ለባዊት ነፍስን አልነሣም ባለ ጊዜ አባቶቻችን እ.ኤ.አ. በ381 በቍስጥንጥንያ ተሰብስበው ትምህርቱን አወገዙ። ጌታችን ፍጹም ሥጋን ከፍጹም ነፍስ ጋር ነሥቶ ፍጹም ሰው ሆኗል። የነሣው ሁለቱን ከሆነ ያዳነውም ሁለቱን ነው። የሙታን ትንሣኤን የምናምነውም ሥጋ የሚጣል ልብስ ስላልሆነ ነው። እንግዲህ ሥጋን መንከባከብ የእምነት ጉድለት ሳይሆን ለሠሪው የሚሰጥ ክብር ነው።

ኖኅ የጻፈው የመድኃኒት መጽሐፍ

መጽሐፈ ኩፋሌ ሙሉ ይዘቱ በግእዝ ተጠብቆ የቆየ፣ ከሰማንያ አሐዱ መጻሕፍት የሚቈጠር መጽሐፍ ነው። ከጥፋት ውኃ በኋላ ያለውን ታሪክ ሲናገር ብዙዎቻችን የማናስተውለውን አንድ ነገር ያወሳል። ርኩሳን መናፍስት የኖኅን የልጅ ልጆች ማሳት፣ ማሳመምና ማጥፋት ጀመሩ። ልጆቹ ወደ ኖኅ መጥተው ነገሩት። ኖኅም ወደ እግዚአብሔር ጸለየ። እግዚአብሔር ጸሎቱን ሰምቶ መናፍስቱ እንዲታሰሩ አዘዘ፤ ከዐሥር ዘጠኙ እጅ ታሰሩ፤ የቀረው አንድ እጅ ግን ሰዎችን ይፈትን ዘንድ ተተወ።

ከዚህ በኋላ የሆነው ለጥያቄያችን ዋና መልስ ነው። እግዚአብሔር መላእክቱን ለኖኅ መድኃኒትን እንዲያስተምሩት አዘዘ። መላእክቱም የደዌውን ዓይነትና በምድር ዕፅዋት እንዴት እንደሚፈወስ ነገሩት። ኖኅ የተማረውን ሁሉ በመጽሐፍ ጻፈ፤ መጽሐፉንም ለሚወደው ልጁ ለሴም ሰጠው።

ይህን ታሪክ ቀስ ብለን እናስተውል። በመጀመሪያ፣ ደዌው ከርኩሳን መናፍስት የመጣ ነበር። ዛሬ «ሕመምህ የመንፈስ ስለሆነ መድኃኒት አይሠራም» የሚሉ ሰዎች አሉ። በኩፋሌ ግን መናፍስት ላመጡት ደዌ እንኳ እግዚአብሔር ዕፅን ሰጠ። ሁለተኛ፣ ጸሎትና መድኃኒት ተከታትለው መጡ። ኖኅ ጸለየ፤ የጸሎቱ መልስም በከፊል መናፍስቱን ማሰር፣ በከፊል ደግሞ የመድኃኒት ትምህርት ሆኖ ተሰጠው። መድኃኒቱ ለጸሎቱ የተሰጠ መልስ እንጂ ጸሎቱን የሚተካ ነገር አልነበረም። ሦስተኛ፣ ጥበቡ በመጽሐፍ ተጽፎ ለትውልድ እንዲተላለፍ ሆነ። እግዚአብሔር የሰጠው ፈውስ በትምህርት የሚገኝ፣ በጥንቃቄ የሚመዘገብና ከአባት ወደ ልጅ የሚወርድ ነው።

የሄኖክ ማስጠንቀቂያ

መጽሐፈ ሄኖክም ስለ ዕፅ ይናገራል፤ የሚናገረው ግን ከሌላው ወገን ነው። ከሥርዓታቸው የወጡት ትጉሃን ለሰዎች ድግምትን፣ አስማትንና ሥር መቍረጥን እንዳስተማሩ፣ ምድርም በዚህ እንደረከሰች ይተርካል። ስለዚህ አንድ አንባቢ «ሄኖክ ሥር መቍረጥን ነቀፈ፤ ኩፋሌ ግን በዕፅ መፈወስን ከመላእክት ትምህርት ቈጠረ፤ ታዲያ የትኛውን እንቀበል?» ሊል ይችላል።

ሁለቱ መጻሕፍት አይጋጩም። ዕፁ በሁለቱም ዘንድ ያው የእግዚአብሔር ፍጥረት ነው። ልዩነቱ ከማን እንደተማሩትና ከምን ጋር እንደተጣመረ ነው። በኩፋሌ ዕፁ የመጣው በጸሎት፣ በእግዚአብሔር ትእዛዝና በቅዱሳን መላእክት ትምህርት ነው። በሄኖክ ሥሩ የሚቈረጠው ከድግምት ጋር፣ ከወደቁት መላእክት በተወሰደ ምክር ነው። አባቶቻችን ድንበሩን ያሰመሩት በእምነትና በመድኃኒት መካከል ሳይሆን በመድኃኒትና በጥንቈላ መካከል ነው።

ይህን ድንበር ማወቅ ዛሬም ይጠቅማል። በሀገራችን በብራና የተጻፉ የባህል መድኃኒት መጻሕፍት አሉ። በብዙዎቹ ውስጥ ለዘመናት የተፈተነ የዕፅ እውቀት ከአስማትና ከድግምት ጋር ተቀላቅሎ ይገኛል። ብራና ላይ የተጻፈና በግእዝ የተነገረ ሁሉ የቤተ ክርስቲያን ትምህርት አይደለም። ኮሶ መጠጣት የተለመደ ሕክምና ነበር፤ አባቶችና እናቶች ይጠጡት ነበር፤ እምነታቸው ጐደለ ያላቸው አልነበረም። መጠኑ ሲበዛ እንደሚጐዳ ስለሚያውቁም ይጠነቀቁ ነበር። ከዚሁ ኮሶ ጋር የማይታወቁ ስሞች ሲጠሩና ክታብ ሲታሰር ግን ነገሩ ከኩፋሌ ወደ ሄኖክ ማስጠንቀቂያ ተሻግሯል። የሚያሳዝነው፣ የሐኪም እንክብል «እምነት ማጣት ነው» ብሎ የጣለ ሰው አንዳንድ ጊዜ ከጠንቋይ የተቀበለውን ክታብ በአንገቱ አስሮ መገኘቱ ነው።

ጦቢትና ሲራክ

በመጽሐፈ ጦቢት የእግዚአብሔር መልአክ ቅዱስ ሩፋኤል በሰው አምሳል ተገልጦ ከጦብያ ጋር ይጓዛል። ሄኖክ በሰው ደዌና ቍስል ሁሉ ላይ የተሾመ ብሎ የሚጠራው መልአክ ይህ ነው። መልአኩ በቃሉ ብቻ መፈወስ ይችል ነበር። ነገር ግን ጦብያ ዓሣ እንዲይዝ፣ ልቡን፣ ጉበቱንና ሐሞቱን እንዲያስቀምጥ አዘዘው። በልቡና በጉበቱ ጢስ ሣራን ያሠቃይ የነበረው ጋኔን ሸሸ፤ ጦብያና ሣራም በጸሎት ቆሙ። በሐሞቱ ደግሞ የጦቢት ዓይኖች ተፈወሱ። ጦቢት አስቀድሞ ወደ ሐኪሞች ሄዶ አልዳነም ነበር። ሆኖም መጽሐፉ ሐኪሞችን በመንቀፍ አይጨርስም፤ ራሱ መልአኩ ሐኪም ሆኖ መድኃኒት በማዘዝ ይጨርሳል።

መጽሐፈ ሲራክ ከዚህ ይበልጥ ግልጽ ነው። በምዕራፍ 38 ሐኪምን እንድናከብረው ያዛል፤ ምክንያቱንም ሲሰጥ እርሱንም የፈጠረው እግዚአብሔር ነው ይላል። መድኃኒትን ከምድር ያስገኘ ልዑል ስለሆነ ብልህ ሰው እንደማይንቀው ያስተምራል። ከዚያም ለሕሙሙ ቅደም ተከተል ይሠራለታል። መጀመሪያ ወደ እግዚአብሔር ይጸልይ፤ እጁንና ልቡን ከኃጢአት ያንጻ፤ መሥዋዕቱን ያቅርብ፤ ቀጥሎም ለሐኪም ስፍራ ይስጥ፤ እርሱ ያስፈልጋልና አያርቀው። ሐኪሙም በበኩሉ ሥራው እንዲከናወንለት ወደ እግዚአብሔር የሚለምን ነው። ጸሎት፣ ንስሐ፣ መሥዋዕት፣ ሐኪም፤ አንዱም አልተዘለለም።

ሐዋርያትና ሊቃውንት

በብሉይ ኪዳን ነቢዩ ኢሳይያስ ለንጉሥ ሕዝቅያስ በቃሉ ፈውስን ካበሠረው በኋላ የበለስ ጥፍጥፍ በቍስሉ ላይ እንዲያኖሩ አዘዘ (2ኛ ነገ. 20፥7)። በሐዲስ ኪዳንም ወንጌላዊው ሉቃስ ሐኪም ነበር (ቈላ. 4፥14)። ቅዱስ ጳውሎስ ድውያንን ሲፈውስ የኖረ ሐዋርያ ነው፤ ቢሆንም ለሚወደው ልጁ ለጢሞቴዎስ ስለ ሆዱና ስለ ተደጋገመ ሕመሙ ጥቂት ወይን እንዲጠጣ መከረው (1ኛ ጢሞ. 5፥23)። ጥሮፊሞስንም እንደታመመ በሚሊጢን ትቶት ሄደ (2ኛ ጢሞ. 4፥20)። ፈውስ ዘገየ ማለት እምነት ጠፋ ማለት ቢሆን ኖሮ እነዚህን ቅዱሳን ምን ልንላቸው ነው?

ከቅዳሴዎቻችን አንዱ በስሙ የሚጠራው ቅዱስ ባስልዮስ ራሱ በተደጋጋሚ የታመመ ሰው ነበር። እ.ኤ.አ. በ370 የቀጰዶቅያ ቂሣርያ ጳጳስ ሆኖ ከተሾመ በኋላ ከከተማይቱ ውጭ ለድሆች፣ ለእንግዶችና ለለምጻሞች መጠለያ አሠርቶ ሐኪሞች እንዲያገለግሉበት አድርጓል። ለመነኮሳት በጻፈው ሥርዓት በሕክምና መጠቀም ከእግዚአብሔር ፍርሃት ጋር ይስማማ እንደሆነ ለቀረበ ጥያቄ ሲመልስም፣ ከገነት ከወጣን በኋላ እርሻ ለረሃባችን፣ ሽመና ለዕርቃናችን እንደተሰጠን ሕክምናም ለደዌያችን እንደተሰጠን ያስረዳል። የሚያርስ ገበሬ እግዚአብሔርን እንዳልካደ፣ የሚታከምም አልካደም ማለት ነው። ነገር ግን ተስፋችንን ሁሉ በሐኪም ላይ እንዳንጥልም ያስጠነቅቃል።

ማስጠንቀቂያው ተገቢ ነው። የይሁዳ ንጉሥ አሳ እግሩን በጽኑ በታመመ ጊዜ እግዚአብሔርን አልፈለገም፤ ባለ መድኃኒቶችን ብቻ ፈለገ፤ መጽሐፍም በዚህ ይወቅሰዋል (2ኛ ዜና 16፥12)። የአሳ በደል «ብቻ» በሚለው ቃል ላይ ነው። ሐኪም ዘንድ ሄዶ ጸሎትን የተወ ሰው አሳን ይመስላል። ጠበል ዘንድ ሄዶ መድኃኒቱን የጣለ ሰው ደግሞ ሰይጣን በመቅደስ ጫፍ ላይ ያቀረበውን ፈተና እንዲያስብ ይገባል። ጌታችን ራሱን ወደ ታች እንዲወረውር በመጽሐፍ ቃል ጭምር በተጠየቀ ጊዜ፣ አምላክን መፈታተን እንደማይገባ መልሷል (ማቴ. 4፥5-7)።

የቤተ ክርስቲያን ሥርዓት

ቅድስት ቤተ ክርስቲያን ለሕሙማን ያላት ርኅራኄ በሥርዓቷ ሁሉ ይታያል። ከሰባቱ ምሥጢራት አንዱ ምሥጢረ ቀንዲል ለሕሙማን የተሰጠ ነው (ያዕ. 5፥14)። ፍትሐ ነገሥት በአንቀጽ 15 ስለ ጾም ሲደነግግ የታመመውን ከግዴታው ያሳርፋል። ጾምን ያህል ታላቅ ሥርዓት ለሕሙም ሥጋ ከራራች ቤተ ክርስቲያን የሕሙሙን መድኃኒት ትቀማለች ብሎ ማሰብ አይቻልም። በቅርቡም ዘመን የኤች አይ ቪ መድኃኒት በስፋት መሰጠት በጀመረበት ወቅት፣ በ1990ዎቹ መጨረሻ፣ ብፁዕ ወቅዱስ አቡነ ጳውሎስ ሕሙማን ጠበሉንም መድኃኒቱንም በአንድነት እንዲጠቀሙ አስተምረዋል። ይህ አዲስ ትምህርት አልነበረም፤ የኩፋሌና የሲራክ ትምህርት ነው።

«ታዲያ በጠበል ብቻ የዳኑትን ምን እንላለን?»

በጠበል የተፈወሱ ብዙዎች እንዳሉ እናምናለን፤ እንመሰክራለንም። እግዚአብሔር ያለ መድኃኒት መፈወስ ይችላል። ዕውር ሆኖ የተወለደውን ሲፈውስ ግን በምራቁ ጭቃ አድርጎ ወደ ሰሊሆም ውኃ ላከው (ዮሐ. 9፥6-7)፤ መንገዱን የሚመርጠው እርሱ ነው፤ እኛ ለእርሱ መንገድ አንወስንለትም።

ድኛለሁ ለሚልም ጌታችን ሥርዓት ሠርቶለታል። የነጻውን ለምጻም ሄዶ ራሱን ለካህን እንዲያሳይ አዝዞታል (ማር. 1፥44)። በኦሪት ሕግ የለምጽን መኖርና መጥፋት መርምረው የሚያረጋግጡት ካህናት ነበሩ። ጌታ በቃሉ ያነጻውን ሰው ለምርመራ ላከው! እውነተኛ ፈውስ ምርመራን አይፈራም። ስለዚህ በጠበል የተፈወሰ ምእመን ወደ ሐኪሙ ተመልሶ ይመርመር፤ መድኃኒቱ ይቁም ከተባለም በሐኪሙ ቃል ይቁም። እንዲህ ሲሆን የእግዚአብሔር ሥራ በምስክር ይጸናል፤ ስሙም ይከብራል።

ምን እናድርግ?

ከዚህ በመነሣት ለሕሙማንና ለቤተሰቦቻቸው የሚከተለውን እንመክራለን። ወደ ጠበል ከመሄዳችሁ በፊት ለንስሐ አባታችሁም ለሐኪማችሁም አሳውቁ። በባዶ ሆድ ጠበል የሚጠጣበት ሰዓትና መድኃኒቱ የሚወሰድበት ሰዓት እንዳይጋጭ ከሁለቱም ጋር ተማከሩ። የተለመደው የሳንባ ነቀርሳ ሕክምና ስድስት ወር ይፈጃል፤ በመካከል ቢቋረጥ በሽታው መድኃኒቱን ሊላመድ ይችላል፤ በጠበል ቦታ አብረው የሚያድሩትንም ሕሙማን ለአደጋ ያጋልጣል። ኢንሱሊን ለሕይወቱ የግድ የሚያስፈልገው ሰው ቢያቋርጠው በጥቂት ቀናት ውስጥ ሊሞት ይችላል። የሚጥል በሽታ መድኃኒትም በድንገት ሲቆም ሕመሙን ሊያብሰው ይችላል። በጠበል ቦታ የምታገለግሉ ወንድሞችና እኅቶችም ከራሳችሁ «መድኃኒቱን ጣል» አትበሉ። እንዲህ ያለውን ቃል የሚናገር ሰው በእግዚአብሔር ፊት ስለ ሌላው ነፍስ ይጠየቃል።

ሐኪሞች የሆናችሁ ምእመናንም ሕሙሙ ጠበል እንደሚጠመቅ ሲነግራችሁ አትዘልፉት። የተዘለፈ ሕሙም ከእናንተ ይሸሸጋል፤ መድኃኒቱንም በስውር ይተዋል። በርኅራኄ ብታነጋግሩት ግን ሁለቱንም ይዞ ይኖራል።

ኖኅ ጸልዮ የተማረውን መድኃኒት ጽፎ ለሴም እንደሰጠው እኛም ለልጆቻችን ሁለቱን አብረን እናውርስ፤ የሚጸልይ ልብና መድኃኒትን በምስጋና የሚቀበል እጅ። የነፍስና የሥጋ መድኃኒት የሆነ ጌታችን መድኃኔዓለም ኢየሱስ ክርስቶስ በየቤቱና በየሆስፒታሉ፣ በየጠበሉም ቦታ ላሉት ሕሙማን ምሕረቱን ይላክልን። የእመቤታችን የቅድስት ድንግል ማርያም አማላጅነት፣ የቅዱስ ሩፋኤል ረድኤት፣ የቅዱሳን ሁሉ ጸሎት አይለየን፤ አሜን።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።